ከበሩ ጀርባ ያለው ሰውዬ

መጀመሪያ የራሴን ብሶት ላውጣው፣ ከዚያ ወደ ግብፅ እንሄዳለን።

ሥራዬ ፕላን መሥራት ነው። አንድ ጊዜ ሁለት ዓመት የለፋንበት ሕንፃ ተመረቀ። ሪባን ተቆረጠ፣ ተጨበጨበ፣ ከዋናው በር አጠገብ በጨርቅ ተሸፍኖ የነበረው ዕብነ በረድ ተገለጠ። የክብር እንግዳው ስም አለ። የባለቤቱ ስም አለ። ቀኑ አለ። የሠራነው ሰዎች ስም የለም። የእኔስ ይቅር፣ ዋናዋ አርክቴክት እንኳ የለችበትም። የደረጃው ከፍታ ሁለት ሳንቲ ሜትር ይቀነስ አይቀነስ ብላ እንቅልፍ ያጣችው ሴትዮ! ከኋላ ቆማ ከሰው ጋር ስታጨበጭብ አየኋትና ሆዴ ተላወሰ። ከዚያ ቀን ወዲህ ያረጀ ሕንፃ ባየሁ ቁጥር የምጠይቀው አንድ ነገር ነው። ማን ሠራው? ማን አሠራው አላልኩም። አሠሪው መቼም ስሙን በትልቁ ጽፎታል።

ይህቺ ጥያቄ ናት ሰነንሙት ከሚባል ሰው ጋር ያስተዋወቀችኝ።

ከጥቂት ዓመታት በፊት ለሌላ ጉዳይ ግብፅ ሄጄ ሁለት ቀን ተረፈኝና ሉክሶር ገባሁ። የጥንቷ ቴብስ ማለት ናት። ናይልን ወደ ምዕራብ ተሻግራችሁ ጥቂት እንደሄዳችሁ ቀጥ ብሎ የቆመ ቢጫማ ገደል ይገጥማችኋል። ከገደሉ ሥር የተዘረጋው ቤተ መቅደስ ዛሬ ዴር ኤል ባህሪ ይባላል። በዓረብኛ «የሰሜኑ ገዳም» ማለት ነው፤ ዴር ሡልጣን ስንል ያለው «ዴር» መሆኑ ነው። የግብፅ ክርስቲያኖች ከብዙ ዘመን በኋላ ፍርስራሹ ላይ ገዳም ሠርተውበት ነበርና ስሙ በዚያው ቀረ። የመጀመሪያ ስሙ ግን ጀሰር ጀሰሩ ነው፤ «የቅዱሳን ቅዱስ» እንደማለት። ያሠራችው ሃትሼፕሱት ናት።

እሷን ብዙዎቻችሁ ታውቋታላችሁ። ባሏ 2ኛው ቱትሞስ ሲሞት አልጋው ለእንጀራ ልጇ ለ3ኛው ቱትሞስ ሆነ። ልጁ ገና ሕፃን ነበርና እሷ እንደራሴ ሆና መግዛት ጀመረች። ጥቂት ዓመታት ቆየችና ራሷ ፈርዖን ሆና አረፈችው። ዘመኗ ከክርስቶስ ልደት በፊት ከ1479 እስከ 1458 ገደማ ነው ይባላል።

ሙያዬ ስለሆነ ስለ ሕንፃው ትንሽ ልቀባጥር። ሦስት ሰፋፊ እርከኖች አሉት፣ አንዱ ከአንዱ በላይ። መሐል ለመሐል ረጅም መወጣጫ ይወጣል። የእርከኖቹ ፊት በዓምድ ረድፍ የተሞላ ነው። ከሩቅ ስታዩት ዓምዶቹና በመካከላቸው ያለው ጥላ፣ ከኋላ ያለው ገደል ላይ ያሉትን ቀጥ ያሉ ስንጥቆች ይመስላሉ። ሕንፃው ከተራራው ጋር አይፎካከርም። እዚህ ገደል ፊት ፒራሚድ ብታቆሙ ጉድ ነው የምትሆኑት፤ ገደሉ አሳንሶ ያሳየዋል። የሠራው ሰው ይህን ስለገባው ወደ ላይ ከመቆለል ይልቅ ወደ ጎን ዘረጋው፣ ተራራውን ራሱን ጣሪያና ጀርባ አደረገው። ሐሳቡ ሙሉ በሙሉ የሱ አይደለም። እዚያው አጠገቡ ከሷ በፊት የነበረው ፈርዖን የ2ኛው ሜንቱሆቴፕ ቤተ መቅደስ ፍርስራሽ አለ፣ በዚያን ጊዜ 500 ዓመት ገደማ ያረጀ። እሱም እርከን አለው፣ እሱም መወጣጫ አለው። ሰውዬው ጎረቤቱን በደንብ አይቶ፣ ጥሩውን ወስዶ አሻሻለው። እኛስ ምን እናደርጋለን? የሰው ፕላን እያየን አይደለም እንዴ የተማርነው?

ከሁለተኛው እርከን በስተ ደቡብ ያለው ግድግዳ ላይ ደግሞ የፑንት ጉዞ ተቀርጿል። በሃትሼፕሱት 9ኛ ዓመት መርከቦቿ በቀይ ባሕር በኩል ወደ ፑንት ሄደው ዕጣን፣ ወርቅ፣ ዝንጀሮና ሥራቸው ሳይነቀል በቅርጫት የተያዙ የዕጣን ዛፎች ይዘው ተመለሱ። ፑንት የት ነበረች የሚለው ያከራክራል፤ ብዙዎቹ ተመራማሪዎች ግን ወደኛው አካባቢ፣ ወደ ቀይ ባሕር ደቡብና ወደ አፍሪካ ቀንድ ነው የሚጠቁሙት። የፑንቱ ሹም ፓራሁና ሚስቱ አቲ እዚያ ግድግዳ ላይ ቆመዋል። ከባሕሩ ሥር ያሉት ዓሦች እንኳ ዓይነታቸው እስኪለይ ድረስ ተስለዋል። እኔ ዕጣን ተሸካሚዎቹን ሳይ ፈዝዤ ቀርቼ አስጎብኚው ጥሎኝ ሊሄድ ነበር።

አስጎብኚውን ጠየቅኩት። ማን ሠራው?

«ሃትሼፕሱት» አለኝ።

እሷማ አሠራችው። ማን ሠራው?

ሳቀ። «ኦ፣ ሰነንሙት!» አለ። «ከላይ እርከን ላይ፣ ከበሮቹ ጀርባ ተደብቋል።»

እንዲያሳየኝ ለመንኩት። ላይኛው እርከን ላይ ገመድ ተወጥሯል፣ ከገመዱ ጎን ጠባቂ ቆሟል፣ ጠባቂው ደግሞ ጭራሽ ፊት የሚሰጥ ዓይነት አልነበረም። ሳላይ ተመለስኩ። ነገሩ ግን እንደ እሾህ ውስጤ ተሰክቶ ቀረ። ቤቴ ገብቼ ስለዚህ ሰው ያገኘሁትን ሁሉ ማንበብ ጀመርኩ።

ሰነንሙት ማለት «የእናት ወንድም» ማለት ነው። አጎቴ እንበለው ብል ደስ ይለኛል፣ ግን ይቅር። የተወለደው ከቴብስ ደቡብ ባለች ኢዩኒ በምትባል ከተማ ነው፣ ዛሬ አርማንት ትባላለች። አባቱ ራሞሴ፣ እናቱ ሃትኖፈር። የትልቅ ሰው ልጅ አይደለም። ይህን እንዴት አወቁ ካላችሁ፣ መልሱ እናትና አባቱ መቃብር ውስጥ ነው ያለው።

በ1936 በአውሮፓውያን አቆጣጠር፣ የኒው ዮርኩ ሜትሮፖሊታን ሙዚየም ቁፋሮ ቡድን ሸህ አብድ ኤል ቁርና በሚባለው ኮረብታ ላይ፣ ከሰነንሙት መቃብር በታች፣ ያልተዘረፈች ትንሽ ክፍል አገኘ። ውስጧ ሃትኖፈር አለች። ሽበታም አሮጊት ናት፣ ጸጉሯ ላይ ተጨማሪ ጉንጉን ተቀጥሎላታል። አስከሬኗ በወጉ ደርቆ፣ በጥሩ በፍታ ተጠቅልሎ፣ ፊቷ ላይ በወርቅ የተለበጠ ጭምብል ተደርጎላት ተኝታለች። የምትቀመጥበት የእንጨት ወንበር ሳይቀር አብሯት ገብቷል። አጠገቧ ባሏ ራሞሴ አለ። የሱ ነገር ሌላ ነው። የተነጣጠለ አጥንት ነው፣ ጭቃ የያዘ ጨርቅ የተጠቀለለበት። ማለትም ራሞሴ ቀደም ብሎ ሞቷል፣ ያኔ ቤተሰቡ ድሃ ስለነበር ዝም ብሎ መሬት ውስጥ ተቀብሯል። እናቲቱ ስትሞት ልጅየው ትልቅ ሰው ሆኗል። አባቱን ከነበረበት አስቆፍሮ አወጣና ከሚስቱ ጎን አስተኛው። ሌሎች ስድስት ዘመዶችም አብረው በሁለት ሣጥን ታጭቀው ገብተዋል።

ይህቺን ክፍል ሳስብ ሌላው ሁሉ ነገር ይቀልብኛል። የሰውዬውን ማዕረግ ሁሉ ብትነግሩኝ እንደ አባቱ አጥንት አይነግረኝም። እናቱን የቀበራት ሹመቱ ከፍ ባለ ጊዜ ነው፣ የአቅሙን አድርጎላታል። አባቱን ግን መመለስ አይችልም። ጭቃውን እንዳለ ጠቅልለው አመጡት።

ያቺ ክፍል ለታሪክ ሰዎች ሌላም ውለታ ውላለች። ውስጧ ከተገኙት እንስራዎች አንዱ ላይ «7ኛ ዓመት» የሚል ተጽፏል። የአንዱ ማኅተም ሃትሼፕሱትን ፈርዖን ከመሆኗ በፊት በነበራት «የአምላክ ሚስት» በሚለው ማዕረጓ ይጠራታል፣ የሌሎቹ ደግሞ ማዓትካሬ በሚለው የንግሥና ስሟ። ስለዚህ በ7ኛው ዓመት ዘውዱን ደፍታ ነበር ማለት ነው። የአንዲት ተራ ሴት የቀብር ዕቃ የአንዲት ፈርዖንን የዘመን ቁጥር አስተካከለ።

ከዚያ ተራ ቤት ተነስቶ ቤተ መንግሥት እንዴት እንደገባ ዝርዝሩ አልተጻፈም። ማንበብና መጻፍ መቻሉ ግን በሩን እንደከፈተለት አያጠራጥርም፤ በዚያን ዘመን ፊደል የቆጠረ ሰው ጥቂት ነው። ስሙ ጎልቶ የሚታየው ሃትሼፕሱት ገና ፈርዖን ሳትሆን ነው። የሴት ልጇ የነፈሩሬ ሞግዚትና የቤቷ አዛዥ ሆነ። ከዚያ በኋላማ ሹመቱ ዘነበ። የትልቁ አምላካቸው የአሙን ቤት መጋቢ፣ የአሙን ጎተራ ኃላፊ፣ የንጉሥ ሥራዎች ሁሉ ኃላፊ። ተመራማሪዎች የቆጠሩለት ማዕረግ ከ80 በላይ ነው። የአሙን ቤት ማለት ደግሞ ካርናክ የሚባለው ታላቅ ቤተ መቅደስ ነው፤ እርሻው፣ ከብቱ፣ እህሉ፣ ወርቁ፣ ሠራተኛው። በዛሬ ቋንቋ የሀገሪቱ ትልቁ ድርጅት ካዝና እጁ ላይ ነበር።

ከነፈሩሬ ጋር የተሠሩለት የድንጋይ ምስሎች ደስ ይሉኛል። በርሊን ያለውን በፎቶ እዩት። ሰውዬው ጉልበቱን አቅፎ መሬት ላይ ተቀምጧል፣ ሙሉ ሰውነቱ ልብሱ ውስጥ ገብቶ አንድ ጥርብ ድንጋይ ሆኗል። ከላይ ሁለት ጭንቅላት ብቻ ብቅ ብሏል፤ የሱ ትልቁ፣ ከአገጩ ሥር ደግሞ የልጅቷ ትንሹ። ብርድ ልብስ ውስጥ ልጅ ይዞ የተቀመጠ አባት ነው የሚመስለው። ለንደን ብሪቲሽ ሙዚየም ያለው ደግሞ ወንበር ላይ ሆኖ ጭኑ ላይ አስቀምጧታል። አንድ ሹም የንጉሥ ልጅ አቅፎ እንዲህ መቀረጽ ከሱ በፊት የተለመደ አልነበረም። የሱ ምስሎች ተቆጥረው 25 ገደማ ደርሰዋል፣ ለአንድ ንጉሥ ላልሆነ ሰው ይህ ብዙ ነው። በጣም ብዙ። ትንሽ ራሱን ይወድ ነበር ብል አልተሳሳትኩም መሰለኝ።

የበርሊኑ ምስል ላይ ሁለት እንግዳ ምልክቶች አሉ፣ ከጎናቸው ደግሞ ሰውዬው ራሱ የጻፈው ማስታወሻ አለ። በአጭሩ እንዲህ ነው የሚለው፦ እነዚህን ምልክቶች ከገዛ ልቤ አፍልቄ ያወጣኋቸው ናቸው፣ የቀደሙት አባቶች መጽሐፍ ውስጥ አይገኙም። አስቡት። ግብፅ ውስጥ ትልቁ ሙገሳ «እንደ አባቶቹ አደረገ» ማለት ነበር። ይሄ ሰውዬ አባቶች ያላደረጉትን አደረግሁ ብሎ ድንጋይ ላይ ጻፈ። የፈጠራ መብቱን አስመዘገበ ማለት አይደል?

ሌላም ጨዋታ አለው። ተንበርክኮ የተቀረጸባቸው ምስሎች አሉ፣ ኒው ዮርክም አንዱ ይገኛል። ፊት ለፊቱ አንድ ትልቅ እባብ አቅፎ ይዟል። እባቧ ራሷ ላይ የፀሐይ ክብ ተሸክማለች፣ ከሥሯ ደግሞ ወደ ላይ የተዘረጉ ሁለት ክንዶች አሉ። እባቧ ማዓት፣ ክንዶቹ ካ፣ ፀሐይዋ ሬ። ማዓትካሬ! የንግሥቲቱን ስም ነው አቅፎ የተንበረከከው። ለማያውቅ እባብ ናት። እኛ ቅኔ የምንወድ ሰዎች ይህን ቶሎ ነው የምንረዳው፤ ሰምና ወርቅ በድንጋይ።

ወደ ግንባታው ልመለስ። ሰነንሙት በሥራ ላይ የምናገኘው አስዋን ነው። እዚያ አለት ላይ ሃትሼፕሱት ፊት ቆሞ የሚያሳይ ቅርጽ አለ። ጽሑፉ ሁለት ታላላቅ ኦቤሊስኮች ለማሠራት እንደመጣ ይናገራል። እሷ እዚያ ላይ ገና ፈርዖን አልሆነችም። ኦቤሊስክ የምንለው አራት ማዕዘን ሆኖ ጫፉ የሾለ፣ ከአንድ ድንጋይ የተፈለፈለ ረጅም ሐውልት ነው። ግራኒቱን የሚቆርጡት በብረት አይደለም፣ ብረት የላቸውም። ዶለራይት የሚባል ጠንካራ ድንጋይ እንደ ኳስ በእጃቸው ይዘው ግራኒቱን ይቀጠቅጡታል። ቀኑን ሙሉ። ዱቄት እየሆነ ይነሳል፣ ይጠረጋል፣ እንደገና ይቀጠቀጣል። እኔ ቤት ሳሳድስ አንድ ግድግዳ በድሪል ለመብሳት ግማሽ ቀን ፈጅቶብኝ የጮህኩት ጩኸት ትዝ ሲለኝ አፍራለሁ።

ድንጋዩ ከተቆረጠ በኋላ ናይል ሲሞላ በጀልባ ወደ ካርናክ ይጫናል። ዴር ኤል ባህሪ ታችኛው እርከን ላይ ይህ ጉዞ ተቀርጿል፤ ሁለት ኦቤሊስኮች አንድ ግዙፍ መርከብ ላይ ጀርባ ለጀርባ ተጋድመው፣ ከፊት በሦስት ረድፍ የተሰለፉ ቀዛፊ ጀልባዎች እየጎተቱት። እዚህ ላይ አንድ ነገር ላስተካክል፣ ብዙ ሰው ስለሚሳሳት። ዛሬ ካርናክ ቆሞ የምታዩት የሃትሼፕሱት ኦቤሊስክ፣ ወደ 30 ሜትር የሚጠጋውና ከ300 ቶን በላይ የሚመዝነው፣ የሰነንሙት አይደለም። እሱ የተቆረጠው በ15ኛውና በ16ኛው ዓመቷ ነው፤ ሰባት ወር እንደፈጀ ራሱ ላይ ተጽፏል። ሥራውን የመራው አሜንሆቴፕ የሚባል ሌላ ሹም ነው። የሰነንሙቶቹ አሁን የሉም።

እንግዲህ ወደዚያች ጥያቄ መጣን። ዴር ኤል ባህሪን ሰነንሙት ሠራው ወይስ አሠራው?

ቁርጥ ያለ መልስ ብሰጣችሁ ደስ ባለኝ። የጥንት ግብፅ ውስጥ «አርክቴክት» የሚል ለብቻው የቆመ ማዕረግ የለም። ያለው «የሥራዎች ኃላፊ» ነው፤ ይህ ደግሞ ፕላን ከሚስለውም፣ ሠራተኛ ከሚያሰማራውም፣ ቀለብ ከሚከፍለውም ጋር ይሄዳል። ሰነንሙት ዴር ኤል ባህሪ ላይ የሥራ ኃላፊ እንደነበረ ራሱ ይናገራል። ግን ብቻውን አልነበረም። የአሙን ሊቀ ካህናት ሃፑሰነብ አለ፣ የግምጃ ቤቱ ኃላፊ ጀሁቲ አለ፣ እነሱም ለንግሥቲቱ ስላሠሩት ሥራ ይናገራሉ። ስለዚህ አንዳንድ ምሁራን «ሁሉን ነገር ለሰነንሙት ባንሰጥ» ይላሉ። ልክ ናቸው።

እኔ ግን ልቤ ወደሱ ያደላል፤ ምክንያቱም መቃብሩ አካባቢ የተገኙት የድንጋይ ፍንካቾች አሉ። ግብፆች ለረቂቅ ሥራ ወረቀት አያባክኑም ነበር፣ ከመሬት የኖራ ድንጋይ ስባሪ አንስተው ይጽፉበታል። ከሰነንሙት መቃብር ብዙ እንዲህ ዓይነት ስባሪ ወጥቷል፤ የሠራተኛ ዝርዝር፣ ሒሳብ፣ ንድፍ። አንዱ ላይ የሱ ፊት በጎን በኩል ተስሏል። በቀይ መስመር ካሬ ካሬ ተደርጎ፣ መጠኑ ተለክቶ። ቀጥሎ ደግሞ ያው ፊት እንደገና። አፍንጫው ጎበጥ ያለ ነው፣ አፉ አካባቢ የዕድሜ መስመር አለበት። ንጉሥ እንዲህ አይሳልም፣ ንጉሥ ሁልጊዜ ወጣት ነው። ይሄ የሆነ የሥራ ቦታ ላይ፣ እየሄደ እየመጣ ሲቆጣ የሚያውቀው ሰው የሳለው ፊት ነው። ቢሮ ቁጭ ብሎ የሚፈርም ሹም ብቻ ቢሆን ሠዓሊው ሽብሽቡን የት ያውቀዋል?

አሁን ወደ በሩ።

ዴር ኤል ባህሪ ላይኛው እርከን ላይ ግድግዳው ውስጥ የተፈለፈሉ ትናንሽ ክፍሎች አሉ፣ የመሥዋዕት ዕቃ የሚቀመጥባቸው። ድሮ የእንጨት በር ነበራቸው። በሩ ወደ ውስጥ ሲከፈት የሚሸፍነው የግድግዳ ክፍል ላይ፣ ሰነንሙት ተንበርክኮ እጁን ዘርግቶ ሲጸልይ የሚያሳይ ትንሽ ቅርጽ አለ፣ ስሙ ከጎኑ። ካህኑ በሩን ከፍቶ ሲገባ በሩ ቅርጹን ይሸፍነዋል። በሩ ሲዘጋ ሰውዬው ከውስጥ፣ ከአምላክ ጋር ብቻውን ይቀራል። ከ60 በላይ ቦታ እንዲህ አድርጓል።

ለረጅም ጊዜ «ሾልኮ ገብቶ በድብቅ አስቀረጸው፣ ንግሥቲቱ ስታውቅ ተቆጥታ አጠፋችው» ተባለ። ጥሩ ታሪክ ነው፣ ግን አይመስልም። ስሙን በየግድግዳው እንዲያስጽፍ ከንጉሡ ማለትም ከሷ ፈቃድ እንዳገኘ የሚናገር ጽሑፍ እዚያው ቤተ መቅደስ ውስጥ አለ። ደግሞስ ከ60 በላይ ቅርጽ በድብቅ? ጠራቢው፣ ቀለም ቀቢው፣ ተቆጣጣሪው፣ ካህኑ ሁሉ ዝም ብለው? የሥራ ቦታ የሚያውቅ ሰው ይህን አያምንም። እኛ ዘንድ አንድ ከረጢት ሲሚንቶ ቢጠፋ እስከ ማታ ሀገር ያውቀዋል።

ስለ ፍቅራቸውስ የሚለኝ ሰው እንደማይጠፋ አውቃለሁ። ከቤተ መቅደሱ በላይ ያለ ዋሻ ውስጥ አንድ ብልግና ሥዕል አለ፤ ወንድና ሴት። አንዳንዶች «እሱና እሷ ናቸው» ይላሉ። ስም አልተጻፈበትም። ሰነንሙት ሚስት እንዳገባ የሚያሳይ ነገር ስላልተገኘና መቃብሩ ውስጥ የሚሳለው ከእናትና አባቱ ጋር እንጂ ከሚስት ጋር ስላልሆነ ወሬው ይበልጥ ተጋጋለ። እኔ ምን ልበል። አንዲት ሴት ስትነግሥ ከጎኗ ያለው ጎበዝ ሹም ውሽማዋ መሆን አለበት የሚለው ሐሳብ ከዚያ ሥዕል ይልቅ ስለ አውሪዎቹ ነው የሚናገረው። የዋሻውን ሥዕል የሳለው ሠራተኛም እንዲያው ሊያማ ፈልጎ ሊሆን ይችላል፤ ሐሜት ከዛሬ አልጀመረም።

መቃብር ሁለት አሠርቷል፣ አንድ አልበቃውም። አንደኛው ኮረብታው ላይ ከፍ ብሎ ያለው ነው፣ ለሰው የሚታየው፣ ከባሕር ማዶ ስጦታ ይዘው የመጡ የቀርጤስ ሰዎች የተሳሉበት። ከዚያ በታች እናትና አባቱ አሉ። እዚያው ኮረብታ ላይ ሃርሞሴ የሚባል ዘፋኝ ከነ ባለ አውታር መሣሪያው ተቀብሮ ተገኝቷል፣ የሱ ቤት ዘፋኝ ሳይሆን አይቀርም ይባላል። አንዲት ትንሽ ፈረስም በትልቅ ሣጥን ውስጥ ተጠቅልላ ተገኝታለች። ፈረስ ያኔ ግብፅ ውስጥ ገና አዲስ ነገር ነው፣ የባለጸጋ መኪና በሉት።

ሁለተኛው መቃብር ግን ሌላ ነገር ነው። በ1927 ኸርበርት ዊንሎክ የተባለው አርኪዮሎጂስት ከቤተ መቅደሱ ግቢ ዳር ካለ የድንጋይ ካባ ውስጥ አገኘው። ወደ መሬት ውስጥ ቁልቁል የሚሄድ፣ ወደ 100 ሜትር የሚጠጋ ደረጃ ነው። አቅጣጫው? ወደ ቤተ መቅደሱ ግቢ ሥር። ሰውዬው በሕንፃው ሥር ሊተኛ ነው ያሰበው! መውረጃው ግድግዳ ላይ በቀለም የተሳለ ፊቱ አለ፣ ያው ጎባጣ አፍንጫ፣ ስሙ ከነማዕረጉ ከጎኑ።

ከታች ሦስት ክፍሎች አሉ፣ ያጌጠው የመጀመሪያው ብቻ ነው። የሱ ጣሪያ ላይ ሰማይ ተስሏል። እስከ ዛሬ ከተገኙት የግብፅ የከዋክብት ጣሪያዎች ሁሉ ቀዳሚው ይሄ ነው። በደቡቡ በኩል ኦሪዮንና ሲርየስ፣ ጁፒተርና ሳተርን በጀልባ ሲሄዱ፣ ሜርኩሪና ቬነስም አሉ። ማርስ የለችም፣ የጥንት ሥነ ፈለክ የሚያጠኑ ሰዎች እስከ ዛሬ ይከራከሩበታል። በሰሜኑ በኩል 12 ክቦች አሉ፣ እያንዳንዱ 24 ቦታ የተከፈለ። ክቦቹ 12ቱ ወሮች ናቸው። የግብፅ ወር ሠላሳ ሠላሳ ቀን ነበር፣ ዓመቱ ሲያልቅ አምስት ቀን ይጨመርበታል። ጳጉሜ ለምታውቁ ሰዎች ማብራራት አያስፈልገኝም። በፎቶ እንኳ ሳየው መስመሮቹ ቀጥ ማለታቸው ይገርመኛል፤ ጣሪያ ላይ፣ ከመሬት በታች፣ በመብራት ጭላንጭል፣ አንገት ወደ ኋላ ተቆልምሞ የተሳለ ነው።

ጨርሶ አያውቅም ግን። መቃብሩ እንደተጀመረ ቀረ።

በሲና በረሃ፣ 11ኛው ዓመት ላይ፣ ከነፈሩሬ ጋር በአንድ ድንጋይ ላይ ይታያል። ከዚያ ልጅቷ ትጠፋለች፣ ሳትሞት አልቀረችም። ከ16ኛው ዓመት ወዲህ እሱም የለም። ሞተ? ተሻረ? ተጣላ? አስከሬኑ አልተገኘም፣ በሁለቱም መቃብሮቹ ውስጥ የተቀበረ አይመስልም። ለራሱ ያስጠረበው የኳርትዛይት የሬሳ ሣጥን ጫፉ እንደ ነገሥታቱ ሣጥን ክብ ነበር፤ ከ1,000 በላይ ስባሪ ሆኖ ነው የተገኘው። ሰው በመዶሻ ብዙ ቀን ደክሞበታል።

ስሙም ተፋቀ። ማን ፋቀው ለሚለው መልሱ አንድ ሰው አይመስለኝም። ሃትሼፕሱት ከሞተች ከ20 ዓመት ገደማ በኋላ 3ኛው ቱትሞስ የእንጀራ እናቱን ስም ማስፋቅ ጀምሯል፣ ያኔ የሱም አብሮ የተነካ ይኖራል። ወደ መቶ ዓመት ገደማ ቆይቶ ደግሞ የአሙንን አምልኮ የተጣላው ፈርዖን የአኬናቶን ሰዎች «አሙን» የሚል ቃል ባዩበት ሁሉ መሮ ይዘው ገቡ፤ የሰነንሙት ማዕረግ ደግሞ ግማሹ አሙን አሙን ነው የሚለው። የሚገርመው ግን ፋቂዎቹ ወጥ አይደሉም። አንዱ ምስል ላይ ስሙ ተቆርጧል፣ ሌላው ላይ ምንም አልተነካም። የሆነ ሰው ሥራውን በግማሽ ልብ ነው የሠራው። ወይ ምሳ ሰዓት ደርሶበታል።

ከበሩ ጀርባ ያሉትም አብዛኞቹ ተፍቀዋል። ጥቂቶች ግን ተርፈዋል። እንዴት ተረፉ ብዬ አሰብኩ። መሮ የያዘው ሰውዬ መጣ፣ በሩን ወደ ውስጥ ገፋው፣ ገባ፣ ግራ ቀኝ አየ፣ የሚፋቅ ነገር አጣ፣ ወጣ። በሩ ራሱ ሸፍኖታል። ይህ የኔ ግምት ነው፣ ማንም እንዲህ ነው ብሎ አልጻፈም፣ ግን የሠራው ሰው የበሩን አከፋፈት ከሚፍቀው ሰው በተሻለ ያውቀዋልና አይበዛበትም።

አሁን አንድ ነገር ልናዘዝ። ያ መጀመሪያ ላይ የነገርኳችሁ ሕንፃ፣ ዕብነ በረዱ ያለበት። ከሉክሶር ከተመለስኩ በኋላ አንድ ቀን ለጥገና ጉዳይ ተጠርቼ ሄድኩ። ምድር ቤት የኤሌክትሪክ ፓኔል ያለባት ጠባብ ክፍል አለች፣ የብረት በሯ ወደ ውስጥ ነው የሚከፈተው። እኔ ነኝ እንደዚያ እንድትከፈት የሳልኳት፣ ያኔ ተሳስቼ ነው፣ ወደ ውጭ መሆን ነበረበት። የኤሌክትሪክ ሠራተኛው ከጎኔ ቆሞ በስልኩ መብራት አበራልኝ። ከበሩ ጀርባ ባለው ልስን ላይ በእርሳስ የእሷን ስም ጻፍኩ፣ ከሥሩ የግንበኞቹን ፎርማን፣ ከሥሩ የብረት ሠሪዎቹን አለቃ፣ መጨረሻ ላይ የራሴን፣ ትንሽ አነስ አድርጌ። ሠራተኛው አየኝና «የኔስ?» አለ።

እርሳሱን ሰጠሁት።